የመሪጌታ እንዳላማው ንግግርና የየኔዓለም ደም

መሪጌታ እንዳላማው ሰው መርታት ይወድ ነበር። ቅኔ ቤት ሳለ ጓደኞቹን፣ ካገባ በኋላ ሚስቱን ይረታ ነበር። ጣሊያን ደብረ ማርቆስ ከገባ ወዲህ ደግሞ ጣሊያንን በየሰንበቱ ይረታው ጀመር፤ ጣሊያን ግን በክርክሩ ላይ ተገኝቶ አያውቅም።

የጁቤ አጠገብ ካለው ምሽግ ሥር ነጮቹ ቧንቧ ዘርግተው ሕዝቡም ይቅዳ ባሉ ጊዜ መሪጌታ ከቅዳሴ በኋላ ደጀ ሰላሙ ላይ ቆሞ፣ ከመጽሐፍ ሦስት ምስክር ጠቅሶ ተናገረ። «የጠላትን ውኃ የጠጣ ነገ የጠላትን ጠመንጃ ይሸከማል» አለ። ሰው ሁሉ እውነት ነው እያለ ራሱን ነቀነቀ። ከዚያ አብዛኛው ወደ ላይኛው ምንጭ ሄደ፤ ጥቂቱም ሲጨላልም ወደ ቧንቧው ወረደ።

ላይኛው ምንጭ ንጹሕ ነው፤ አቀበቱ ግን አንድ ሰዓት ያስኬዳል። መሪጌታ ሚስቱ ጥሩብርሃን እንስራ አዝላ ያን አቀበት ስትወጣ ታየውና አዘነላት። እኔ ልውጣልሽ ማለት ግን በሐሳቡም አልመጣም። ስለዚህ ከቤታቸው በታች ካለው የጨፌ ኩሬ እንድትቀዳ ፈረደ።

«ይኼ እኮ ከብት የሚገባበት ነው» አለች ጥሩብርሃን።

«የአገርሽ ከብት ነው» አላት። በዚህም ረታት።

ሁለት ወር እንዳለፈ የአምስት ዓመቷ ልጃቸው የኔዓለም ፊቷ ገረጣ። ትንሽ ስትሮጥ ታለከልካለች፤ የግድግዳውን ጭቃ እየፈረፈረች ትበላለች፤ ጠዋት ጠዋት አፍንጫዋ ይደማል። መሪጌታ ለነስሩ ጸሎት፣ ለጭቃው ቁጣ አዘዘ። ሁለቱም አልሠሩም። አንድ ቀን ልጅቱ ከበር እስከ ምድጃ መድረስ አቅቷት መሐል ቤት ቁጭ አለች።

«ወይ እርስዎ ደብረ ማርቆስ ጣሊያኑ ሐኪም ዘንድ ይወስዷታል፣ ወይ እኔ እወስዳታለሁ» አለች ጥሩብርሃን። ምክንያት አልጨመረችበትም። ምክንያት የሌለውን ነገር መርታት ደግሞ ያስቸግራል።

ስለ ጣሊያን ሐኪምም መሪጌታ አንድ ንግግር አድርጎ ነበር። ስለዚህ ልጁን በበቅሎ አፈናጥጦ፣ ጋቢውን እስከ ዓይኑ ተከናንቦ ሄደ። በመንገድ ያገኘው ሰው ሁሉ፣ አንድ እንኳ ሳይሳሳት፣ «እንዴት አደሩ መሪጌታ» አለው።

ሐኪሙ የልጅቱን ጣት ወጋና ደሟን በብርጭቆ ላይ አድርጎ በአጉሊ መነጽሩ ውስጥ ሲቆጥር ቆየ። አስተርጓሚው ቢያዝን የሚባል ነበር። ቢያዝን ከመሪጌታ ጋር አንድ ቅኔ ቤት የተማረ ሰው ነው፤ መሪጌታም ባንዳ ብሎ በአደባባይ ሰድቦታል።

«ደሟ ቀጥኗል፣ ቀዩ አንሷል ይላል» አለ ቢያዝን። «ቁስል ላይ ደም የሚያረጉ ጥቃቅን ቅንጣቶች ግን አሉ፤ እነሱ በዝተዋል። ከልኩ እጥፍ ያልፋሉ።»

«አነሰ ነው በዛ? አንዱን ይምረጥ።»

«ሁለቱም ነው ይላል።»

«እንግዲያው ክርክር አልተማረም።»

ቢያዝን ይህን ሳይተረጉም የሐኪሙን ሰማ። «በልጅ ላይ የቅንጣቱ መብዛት አብዛኛውን ጊዜ ራሱ በሽታው አይደለም፤ የሌላ በሽታ ምልክት ነው ይላል። የተደበቀ ቁስል ወይም ትኩሳት ሲኖር ይበዛል። ደም ጥቂት በጥቂት ሲፈስና በደም ውስጥ ያለው ብረት ሲያልቅም ይበዛል። እሷ ትኩሳት የላትም፤ ጭቃ ትበላለች፤ ይኼ ብረቷ ለማለቁ ምልክት ነው። ደሟ በየት እንደሚሄድ ፈልጉ ይላል። እስከዚያ ይህን የብረት መድኃኒት ትጠጣ።»

«ብረት?» አለ መሪጌታ። «ጥይቱ አልበቃ ብሏቸው በማንኪያ ሊያጠጡን ነው?» ጠርሙሱን ግን ከኮርቻው ከረጢት ከተተው።

በመንገድ ሲያወጣ ሲያወርድ፣ «ፈልጉ» የተባለው ከጆሮው ወጥቶ «በዝተዋል» የተባለው ብቻ ቀረ። የበዛ ነገር ይቀነሳል። በደም ውስጥ ለበዛ ነገር አባቶቻችን ዋግምት አላቸው። እንግዲያው ነጩ በገዛ ምስክሩ ተረታ! ቤቱ እስኪደርስ ደስታው አላስቀመጠውም።

«ፊቷ ላይ የሌለውን ደም ከየት ሊያወጡት ነው?» አለች ጥሩብርሃን።

«በዝቷል ብሏል፣ ራሱ ሐኪሙ።»

«ደሟ ነው የበዛው?»

«በደሟ ውስጥ ያለው።»

«እሱ ሲወጣ ደሟ ቤት ይቀመጣል?»

መሪጌታ ተቆጣና ዋግምት የሚያግም ሰው እንዲጠራ ላከ።

በማግስቱ ጠዋት ዋግምት የሚያግመው፣ አወቀ የሚባለው ሰው፣ ቀንዱንና ምላጩን ይዞ መጣ። አወቀ ፊደል አልቆጠረም፤ ሰውም በሬም ያክማል። የልጅቱን የዓይን ቆብ ገለጥ አድርጎ አየና ምላጩን ወደ ስልቻው መለሰው።

«የኔታ፣ ሠላሳ ዓመት ደም አውጥቻለሁ። ከዚች ልጅ የሚወጣ የለም። ቀድሞኝ ያወጣ አለ።»

«ማን?»

«እሱን ልፈልገው። አፍንጫዋ ይደማል?»

«ነስር ነው።»

«ውኃ ከየት ነው የምትቀዱት?»

መሪጌታ ንግግሩን ሊጀምር አፉን ከፈተ። ጥሩብርሃን ቀደመችው። «ከጨፌው።»

አወቀ እስከ ቀትር ውኃ እንዳትቀምስ አዘዘ። ቀትር ላይ ገበቴ ቀዝቃዛ ውኃ ሞልቶ፣ ልጅቱን በደረቷ አስተኝቶ አፍንጫዋን ከውኃው በላይ አንድ ጣት ያህል አድርጎ ያዛት። ጠበቁ። ከቀኝ አፍንጫዋ ጥቁርና ቀጭን ነገር ወጣ አለ፤ ውኃውን አሸተተና ተመለሰ። መሪጌታ ተቀመጠ። ሁለተኛ ጊዜ ረዘም ብሎ ሲወጣ አወቀ በአመድ በታሸ ጣቱ ያዘውና ቀስ እያለ ሳበው። ደም ጠጥቶ ያበጠ፣ የጣት ያህል አልቅት ነበር።

የኔዓለም አነጠሰችና «አባዬ፣ ውኃ» አለች።

መሪጌታ እጁን ወደ ገበቴው ሰደደ። እጁ እዚያው ቀረ። ገበቴው ከጨፌው ነው፤ ጋኑም ከጨፌው ነው። ልጁ ሲጠማት በቤቱ ውስጥ የሚሰጣት አንድ ጉንጭ ውኃ አልነበረም። ከአፍ የወጣ አፋፍ ይባላል፤ እሱ ከአፍ ያወጣው ግን እታች ኩሬ ወርዶ፣ ተንፏቆ የልጁ አፍንጫ ድረስ ወጥቷል።

እንስራውን አንሥቶ አዘለ። ጥሩብርሃን ልትቀበለው እጇን ዘረጋች፤ አልሰጣትም።

በአቀበቱ የሚወርዱ ሴቶች እየቆሙ አዩት። ወለተ ሰንበት የምትባለው ጎረቤቱ፣ «መሪጌታ፣ ይኼ በየትኛው ጉባኤ ነው የሚማሩት?» አለችው። ሰባት መልስ መጣለት። አንዱን የሚናገርበት ትንፋሽ ግን አልነበረውም።

ከዚያ ቀን ወዲህ ምንጩ የእሱ ሥራ ሆነ። ብረቱንም በማንኪያ ሲሰጣት፣ ጎረቤት ካለ በሩን ይዘጋ ነበር።

በስድስተኛው ሳምንት ጋቢውን ሳይከናነብ ልጁን ይዞ ወደ ሐኪሙ ሄደ። ሐኪሙ ቆጠረ፤ እንደገና ቆጠረ።

«ቅንጣቱ ወደ ልኩ ተመልሷል፤ ቀዩም ጨምሯል ይላል» አለ ቢያዝን። «ደሟ በየት ሲሄድ ነበር ይላል።»

«አልቅት ነበር፤ አፍንጫዋ ውስጥ።»

«አልቅቱስ ከየት መጣ ይላል።»

መሪጌታ ሦስቱ ምስክሮች ከነምዕራፋቸው ትዝ አሉት። «ከንግግሬ በለው» አለ።

ቢያዝን አየው። «ይኼን አልተረጉምም፤ ከኩሬ እለዋለሁ» አለ፤ ድምፁንም ዝቅ አድርጎ፣ «ንግግርህን እኮ ሰምቼዋለሁ። ልክ ነበር» አለው።

«ንግግሩስ ልክ ነበር» አለ መሪጌታ፣ ልጁን ወደ በቅሎው እያነሣ። «እንስራውን ማን እንደሚሸከም ነው የረሳሁት።»