ጠርዙ ያልጠቆረ ገል

እኔ ጭራ ነኝ። ስድብ እንዳይመስላችሁ፤ ሥራዬ ነው። ቅዳሜ ቅዳሜ ከከተማ የሚመጡ ሰዎች በብስክሌት ገጠሩን እየዞሩ የእጅ ሥራ ሲጎበኙ፣ ሰንሰለት ፊት ፊት ይመራል፣ እኔ ፓምፕና ማስቲሽ ይዤ ከሁሉም መጨረሻ እነዳለሁ። የደከመውን እገፋለሁ፣ የወደቀውን አነሳለሁ፣ የሚያለቅስ ካለም አባብላለሁ። አንዴ አንድ ጺማም ሰውዬ ዳገት መሀል ቁጭ ብሎ አልቅሶብኛል። ሰንሰለት የብስክሌቶቹ ባለቤት ነው። ቅጽል ስሙን ያወጣንለት በቅጥነቱ ይሁን ሱሪው ላይ በማይጠፋው ግራሶ፣ አሁን እኛም ረስተነዋል።

«ጭራ፣ ከኋላሽ ሰው እንዳይቀር!» ይለኛል ስንነሳ ሁልጊዜ።

«ከኋላዬ የሚቀረው ያንተ ምክር ብቻ ነው» እለዋለሁ።

የምንቆመው ሦስት ቤት ነው። መጀመሪያ ሸማኔው ጋ፣ ቀጥሎ ከቀንድ ማበጠሪያ የሚሠሩት ሽማግሌ ጋ፣ መጨረሻ እትዬ ጋ። እትዬ የእናቴ ታላቅ እህት ናት። እናቴ የሞተች ጊዜ ጥርሴን እየነቀልኩ ነበር፤ ከዚያ ወዲህ ያሳደገችኝ እሷ ናት። አምስተኛ ክፍል ላይ ትምህርት ትቼ ስመጣም ሦስት ቀን ተቆጣችኝና በአራተኛው ቀን ጭቃ አስረገጠችኝ። ሸክላ ሠሪ ናት። አካባቢው ሁሉ ባለጆሮዋ ይላታል።

ለምን መሰላችሁ፣ ማሰሮ ተተኩሶ ከቀዘቀዘ በኋላ በጣቷ አንጓ ኳ ታደርገዋለች። ደህናው እንደ ደወል ይጮሃል፣ ድምፁም ቶሎ አይጠፋም። ለዓይን የማይታይ ስንጥቅ ያለበት ግን ጧ ብሎ ዝም ነው። የመጀመሪያውን «ዘመረ» ትለዋለች፣ ሁለተኛውን «አኮረፈ»። ያኮረፈ ማሰሮ ከቤቷ አይወጣም። ሰዎቹ ፊት ድንጋይ ላይ ትከሰክሰውና ገሉን አንስታ ታሳያለች። ሲተኮስ በስንጥቁ ጭስ ስለሚገባ፣ ስንጥቁ የነበረበት ጠርዝ ጥቁር ነው። አዲስ የተሰበረው ጠርዝ ግን ቀይ ነው፣ ልክ አሁን የተቆረሰ ዳቦ ይመስላል። ሰዎቹ ጥቁሩን ሲያዩ «ውይ!» ይላሉ። ለዚህች «ውይ» ነው ያን ሁሉ ዳገት የሚወጡት።

ካለፈው ክረምት ወዲህ ግን እትዬ መስማት ተሳናት። መጀመሪያ ከኋላዋ ስጠራት ዝም ስትለኝ የተቀየመችኝ መስሎኝ ሁለት ቀን ሙሉ ተለማመጥኳት። ሳልታዘዝ ውሃ ቀዳሁ፣ ሳልታዘዝ ጠረግሁ። ነገሩ የገባኝ አንድ ቅዳሜ ነው። ሰዎች ከበዋት ማሰሮውን ኳ አደረገችና ዝም አለች። እጇን እንደገና አነሳች። ኳ። ከዚያ ቀስ ብላ ዓይኗን አንስታ በሰዎቹ ትከሻ መሀል እኔን ፈለገችኝ። ዓይኗ ውስጥ ያየሁትን ልነግራችሁ አልችልም፤ ትንሽ ልጅ ገበያ መሀል የእናቷ ቀሚስ ከእጇ ሲያመልጥ እንደዚያ ታያለች። ማሰሮው ዘምሯል። ሳላስበው ሻርፔን አስተካከልኩ።

«ዘመረ» አለች።

እንደዚያው ሆኖ ቀረ። ሲዘምር ሻርፔን አስተካክላለሁ፣ ሲያኮርፍ አፍንጫዬን አካለሁ። ፊት ለፊቷ የሚያወራን ሰው ደግሞ ከንፈሩን አይታ ትረዳዋለች። ስለዚህ ነገር አንድም ቀን አውርተን አናውቅም፤ ሁለታችንም ያላየን መስለን እንኖራለን። ሰንሰለት ሰሞኑን እንግዶቹን ሊወስድበት ዓይኑን በቅርብ በተከፈተው የሸክላ ማሰልጠኛ ላይ ጥሏል። ወለሉ ሲሚንቶ ነው፣ መጸዳጃ አለው፣ ምድጃው በኤሌክትሪክ ይሠራል። «እትዬን የማልተዋቸው ለጆሯቸው ብዬ ነው» አለኝ አንድ ቀን። «ሰው የሚያወራው እሱን ነው። እሱ ባይኖርማ…» አልጨረሰውም። እኔ በልቤ ጨረስኩለት። ከዚያ ወዲህ አንድም ቅዳሜ ቀርቼ አላውቅም፤ አተኩሶኝ እንኳ ሄጃለሁ።

ባለፈው ቅዳሜ ስምንት ሰዎች መጡ። ከመሀላቸው አንድ ወፍራም ሰውዬ የራሱን ብስክሌት ይዞ መጥቷል፤ የሚያብረቀርቅ፣ ባለ ማርሽ። ከቀንድ ሠሪው ቤት እንደወጣን ወደ ኋላ ቀረና ከኔ ጋር መንዳት ጀመረ።

«ይቺ ስንት ማርሽ እንዳላት ታውቂያለሽ?» አለኝ።

«አላውቅም ጋሼ። አንዱንም ሲጠቀሙበት ግን አላየሁም።»

እስኪያስለው ሳቀ። «ነይ እንግዲያው አንቺ አሳዪኝ!» ብሎ ወረደ።

እምቢ ማለት ነበረብኝ። ግን ዕድሜዬን በሙሉ የነዳሁት ፍሬኑ የሚያለቅስ አሮጌ ብስክሌት ነው። ወጣሁበት። በቁልቁለቱ ስለቀው ነፋሱ ጆሮዬ ውስጥ ይጮኻል፣ እኔም እጮሃለሁ፣ ሰውዬው የኔን ብስክሌት እየነዳ ከሩቅ «ቀስ! ቀስ!» ይላል። ለአንድ ደቂቃ ያህል የማንም ጭራ አልነበርኩም። ታች ላይ የተከመረውን ጠጠር ያየሁት ከደረስኩበት በኋላ ነው። ጎማው እንደ ጥይት ጮኸ።

ከጎማው ውስጥ ካላማዳሪያውን አውጥቼ ቀዳዳውን አገኘሁ፣ አጸዳሁ፣ ማስቲሹን ጨመቅሁ። አይወጣም። ዋዜማውን የጫማዬን ሶል ለጥፌበት ክዳኑን ሳልገጥም ስላደርኩ እንደ ድንጋይ ደርቋል። ማንን ልስደብ? ሌሎቹ ከፊት ሄደዋል፣ አቧራቸው እንኳ አይታይም።

«አንቺ ሂጂ ልጄ፣ እኔ በእግሬ እየገፋሁ እመጣለሁ» አለ ሰውዬው።

መሄድ ፈልጌ ነበር። በጣም። ግን መንገዱ ሦስት ቦታ ይከፈላል፣ ሰውዬው ፊቱ ቀልቷል፣ ጭራ ደግሞ ሰው ጥላ አትሄድም። እትዬ መጀመሪያ ሰዎቹን ጭቃ ታስነካለች፣ ማሰሮ የሚሞከረው በኋላ ነው፣ አንድ ሰዓት ይፈጃል ብዬ ራሴን አጽናናሁ። ቀዳዳውን ቋጠርኩት፣ ጎማው ውስጥ ሣር ጠቀጠቅሁ፣ እንዳይወልቅም ሻርፔን ፈትቼ በላዩ ጠመጠምኩበት። እኔ የሱን እየገፋሁ፣ እሱ የኔን እየገፋ ሄድን። መንገድ ላይ ስለ ልጆቹ ነገረኝ። አንዱንም አልሰማሁትም፤ እኔ የማየው ከተራራው በላይ የጠቆረውን ደመና ነበር።

ሰንሰለትም ለካ ደመናውን አይቶት ኖሯል። «ዝናቡ ሳይመጣ መጀመሪያ ማሰሮውን ይሞክሩልን» ብሏት ነበር።

የሰማሁት ገና ከአጥሩ ውጪ ሳለሁ ነው። ኳ። ድምፁ ረጅም፣ ጥርት ያለ፤ ግቢውን አልፎ እኔ ጋ ደረሰ። ዘመረ፣ እፎይ አልኩ። ከዚያ ዝም ሆነ። ከዚያ ድንጋዩ ላይ ሲከሰከስ ሰማሁ።

የሰማሁት ነገር አልገባኝም። ኳ፣ እንደገና። ከመጀመሪያውም የበለጠ ያምራል። ዝም። ከዚያ ስብርብር። ሰዎቹ አጨበጨቡ።

ብስክሌቱን ጥዬ ሮጥኩ። ሦስተኛውን ደጃፉ ላይ ሆኜ ሰማሁት። እሱም ዘመረ፣ እሱም ተሰበረ።

የሥራ ቤቷ ጠባብ ነው፤ አንድ መስኮት፣ ግድግዳውን ተደግፎ የቆመ መደርደሪያ፣ መሀል ላይ እሷና ድንጋዩ። ሰዎቹ ግድግዳ ግድግዳውን ይዘው ስልካቸውን ቀስረዋል። ድንጋዩ ሥር ገል በገል ሆኗል።

«የት ጠፍተሽ ነው?» አለኝ ሰንሰለት እየሳቀ። «ዛሬ እትዬ ጨክነዋል! አንቺ ሳትደርሺ ሦስት፣ አሁን ሦስት፤ ስድስት ሰበሩ፣ አንድም አላለፈም! ማሰልጠኛው ይሄ አለው? የለውም!»

መደርደሪያው ላይ የነበረው ዘጠኝ ነው። ጭቃውን የረገጥኩት እኔ ነኝ፤ ከአንድ ወር በላይ የፈጀ ሥራ። እትዬ ሰባተኛውን ጭኗ ላይ አስቀምጣለች። ገሉን ለማንም አላሳየችም። የጣቷ አንጓ ተልጦ ደም አውጥቷል፤ እንደዚያ ነበር ኳ ስታደርገው የቆየችው፣ ጠንክሬ ብመታው ይሰማኝ ይሆናል ብላ። ኳ አደረገችና ቀና ብላ በሩን አየች። አየችኝ።

ማሰሮው ዘምሯል። እጄን ወደ አንገቴ ሰደድኩ፤ ሻርፕ የለም። ሻርፔ መንገድ ላይ ጎማ ያስራል። የእትዬ ዓይን ባዶ አንገቴ ላይ ቆመ፣ እጇ ማሰሮውን ማንሳት ጀመረ።

«ዘመረ!» ብዬ ጮኽኩ። «እትዬ፣ ዘምሯል፣ ተዪው!»

ሰው ሁሉ ወደኔ ዞረ። እትዬ አፌን አይታ ማሰሮውን ቀስ ብላ መሬት አስቀመጠች።

ሰንሰለት መሳቁን አቆመ። እትዬ ጀርባዋን ለኛ ሰጥታ እጇን ልትታጠብ ባሊው ጋ ስትሄድ፣ ከኋላዋ፣ በደህና ድምፅ «እትዬ» አላት። አልዞረችም። «እትዬ!» አለ፣ ጮክ ብሎ። ውሃውን እጇ ላይ ማፍሰሷን ቀጠለች።

ሰውን ሁሉ ወደ ውጪ አስወጣ። ሰንሰለት ክፉ አይደለም፤ ክፉ ቢሆን ኖሮ ይቀለኝ ነበር።

«ስንት ጊዜ ሆናቸው?» አለኝ ብስክሌቱን እያየ።

«ካለፈው ክረምት።»

«አንቺ ነሽ ስትነግሪያቸው የነበርሽው?»

እጄን ባዶ አንገቴ ላይ አደረግሁ።

«በሚቀጥለው ቅዳሜ ማሰልጠኛው ጋ እንሄዳለን» አለ። «ምን ላድርግ፣ ጭራ? ሰዎቹን ላታልል?» በያዘው ማስቲሽ የተበሳውን ጎማ ጠግኖ ወፍራሙን ሰውዬ ብስክሌቱ ላይ አስቀመጠውና «ዛሬ ከኋላ እኔ እነዳለሁ፣ አንቺ እሳቸው ጋ ሁኚ» ብሎኝ ሄዱ። ሰውዬው ሻርፔን አጥሩ ላይ አንጠልጥሎልኝ ነበር። አቧራና ግራሶ ሆኗል።

ወደ ውስጥ ስመለስ እትዬ ከገሉ ፊት ቁጭ ብላለች። ዝናቡ ጣሪያውን መደብደብ ጀምሯል፣ እሷ ግን ቀና አላለችም። ፊት ለፊቷ ተቀመጥኩ፣ አፌን እንድታይ።

«ለምን ሰበርሻቸው?»

«አላየሁሽም» አለች። «ያላወቅሁትን ሰው ቤት አልልክም።» ከዚያ ጠየቀችኝ፤ «የሰማሽው አለ? ከሰበርኩት የዘመረ ነበረ?»

እኔ ውሸት እችልበታለሁ። ሰንሰለትን በቀን ሦስቴ እዋሸዋለሁ። ከንፈሬን በደንብ እያንቀሳቀስኩ «አንድም አልዘመረም» አልኳት። «ሁሉም አኩርፈዋል። እንኳን ሰበርሻቸው።»

ፊቴን ለረጅም ጊዜ አየችው። ከዚያ አንድ ገል አንስታ ጠርዙን ወደ መስኮቱ አዞረችው። ቀይ። ሌላ አነሳች። ቀይ። ይህን እንዴት ረሳሁት? ስድስት ማሰሮ ገል በገል እያነሳች፣ እያዞረች፣ ወደ ጎን እያስቀመጠች ስትሄድ ቁጭ ብዬ አየሁ። ጥቁር ጠርዝ እንድታገኝ ጸለይኩ። አንድ ብቻ፣ ለምልክት እንኳ። አልነበረም። መጨረሻ ላይ አንዷን ገል መዳፌ ላይ አድርጋ ጣቶቼን ጨበጠችልኝ። አልተቆጣችም።

«ሙቀጫውን አምጪ» አለች።

ገል ተወቅጦ ከአዲስ ጭቃ ጋር ሲደባለቅ ጭቃውን ያጠነክረዋል፤ ደህና ማሰሮ ሲወቀጥ ግን ያን ቀን ነው ያየሁት። እሷ በዱቄት የተሞላ እጇን ቀሚሷ ላይ ጠርጋ ከተረፉት ሦስት ማሰሮዎች አንዱን ፊቴ አስቀመጠች።

«ምቺው።»

በጣቴ አንጓ ኳ አደረግሁት። ጮኸ። እጄ ወደ አንገቴ ሲሄድ ያዘችው።

«ተዪ» አለች። «መዝመሩን አይቼብሻለሁ። ዝም ብለሽ ስሚልኝ። እስኪያልቅ።»

ከዝናቡ ሥር ድምፁን ተከተልኩት። እየቀጠነ፣ እየራቀ ሄደ፣ እሷም ከፊቴ ላይ ዓይኗን አልነቀለችም። ካለቀ በኋላ እንኳ ማለቁን ቶሎ አልነገርኳትም።