የእማማ ሲግሪድ መርዶ

እታለም ክፉ ሴት አይደለችም፤ ይህን አስቀድሜ ልናገር። ጥፋቷ ሰው ሁሉ ደግ አደረግሽ የሚላት ዓይነት ጥፋት ነው።

አውስትራሊያ ውስጥ፣ ከምትኖርበት ከትሩጋኒና ሰፈር ወደ ኖርዝ ሜልቦርን እየተመላለሰች እማማ ሲግሪድን መንከባከብ ከጀመረች ሦስት ዓመቷ ነው። እማማ ሲግሪድ ኖርዌይ ውስጥ ሃምሳ ዓመት መድረክ ላይ የኖሩ፣ ፊልማቸውን ለማየት ሰው በበረዶ የተሰለፈላቸው ተዋናይት ነበሩ። እዚህ ያመጣቸው ሁለተኛ ባላቸው ነው፤ እሱም ከሞተ ቆየ። የቀራቸው እዚያው አገራቸው፣ ቤርገን ከተማ ያለው አንድ ልጃቸው ላርስ ብቻ ነው። እሱንም ቢሆን ያሳደገችው አያቱ ናት። እናት ቲያትር ይዘው ከከተማ ከተማ ይዞራሉ፤ ወደ ቤርገን ሲመለሱ ልጅ በቲያትር ቤቱ የጓሮ በር ቆሞ ይጠብቃል፤ እሳቸው አበባቸውን ታቅፈው በፊት በር ይወጣሉ።

አሁን ላርስ ለገና ሊመጣ ቲኬት ቡክ አድርጓል፤ እማማ ሲግሪድም ይቅርታ ሊጠይቁት ቆርጠዋል። እንደ ሙያቸው ቃሉን ይለማመዳሉ። እታለምን ፊታቸው ያስቀምጡና ያችኑ ንግግር አንዴ ቀስ፣ አንዴ ፈጠን አድርገው ይሏታል።

"አላመንሽኝም አይደል? እንደገና" ይላሉ።

ማክሰኞ ጧት የላርስ ሚስት ደወለች። አማቷ በስልክ ደህና ስለማይሰሙ የምትደውለው ለእታለም ነው። ላርስ በልብ ሕመም ድንገት ካረፈ ሳምንት ሊሞላው ነው፤ እንዴት ብላ እንደምትነግራቸው ጨንቋት ነው የዘገየችው። ቀብሩ ዓርብ ነው፤ እናቱ እንዲሰናበቱት በስልክ ቪዲዮ ይከፈትላቸዋል።

"ዛሬውኑ ንገሪያቸው" አለቻት። እታለም እሺ አለች።

ግን እንዴት አድርጋ? ባዶ ቤት፣ አንዲት አሮጊት፣ አንዲት ሠራተኛ። እኛ ዘንድ መርዶ እንዲህ አይነገርም። ከቤተ ክርስቲያን የጸሎት ቡድኗ ለእትዬ የሺሀረግ ደወለችላቸው።

"ብቻሽን እንዳትሞክሪው፤ ድንጋጤው ይገድላቸዋል" አሉ እትዬ። "ቅዳሜ ሁላችንም ኦፍ ነን። ማለዳ ሰብሰብ ብለን ሄደን እናረዳቸዋለን።"

"ቀብሩ ዓርብ ነው እኮ።"

"የስልክ ቀብር ምን ቀብር ነው? እኔ የአባቴን በወሩ ነው የሰማሁት። ይኸው አለሁ።"

እታለም ልቧ እየከዳት ተስማማች። ሰነፍ ብትሆን ኖሮ እኮ ማክሰኞውኑ ተናግራ ትገላገል ነበር! ሐሙስ ዕለት እማማ ሲግሪድ እንደ ልማዳቸው አስቀመጧትና እጇን ያዙ።

"ላርስ፣ በሩ ላይ እንደቆምክ አውቅ ነበር። እያወቅሁ ነው በሌላው የወጣሁት።"

የእታለም እንባ ዱብ ዱብ አለ። እማማ ሲግሪድ ደስ አላቸው።

"አሁን አመንሽኝ። ልክ እንዲህ ነው የምነግረው" አሉ።

ዓርብ ከሥራ ስትወጣ እታለም የቀብሩ ጥሪ እንዳይመጣባት ስልኳን አጠፋች።

ቅዳሜ በማለዳ አራት ሴቶች ጥቁር ለብሰው ገቡ። እታለም ለእማማ ሲግሪድ መርዶውን ነገረቻቸው። ሴቶቹ ደረታቸውን እየመቱ አለቀሱ፤ ለማያውቁት ልጅ ከልባቸው ነው ያለቀሱት። ያላለቀሱት እናቲቱ ብቻ ናቸው።

"ቀብሩ መቼ ነው?"

"ትናንት ነበር" አለች እታለም።

ምራታቸው ጋ አስደወሉና፣ የስልኩን ድምፅ አስጨምረው፣ በአገራቸው ቋንቋ ጥቂት አወሩ። ከዚያ ስልኩን መለሱላት።

"ስልኩን ሬሳ ሳጥኑ ላይ አስቀምጠው ሩብ ሰዓት ጠበቁኝ። ለቀስተኛው ሁሉ ቆሞ።"

እታለም እግራቸው ላይ ወደቀች። "እንዳይደነግጡብኝ ብዬ ነው፣ በጌታ!"

"ተነሺ" አሉ እማማ ሲግሪድ። ፀጉሯን ዳበስ አደረጉላት። "አልተቀየምኩሽም። ከሰኞ ጀምሮ ግን አሠሪዎችሽ ሌላ ሰው ይላኩልኝ፤ አንቺን ማየት አልችልም። ለልጄ የነበረኝን ቃል ሁሉ አንቺ ሰምተሽዋል። እሱ አንዱንም አልሰማም።"